መርዶውን የቀደምኩ ዕለት

"እንዴት ጀመርሽ?" ለሚለኝ ሰው የምናገረው የተዘጋጀ ታሪክ አለኝ። ናይሮቢ፣ ኪሊማኒ ሰፈር፣ ምግብ ቤት ውስጥ አስተናጋጅ ነበርኩ፤ ስክሪኑ በተሰነጠቀ ስልክ የማኅበራዊ ሚዲያ ገጽ ጀመርኩ፤ ዛሬ ፓርክላንድስ፣ ከመድኃኒት ቤት በላይ፣ አንዲት ክፍል ቢሮ አለችኝ፤ ሁለት ሴቶች አብረውኝ ይሠራሉ። ሦስት ደቂቃ አይፈጅም። ሰው ያጨበጭባል። አንድም ውሸት የለበትም። መሃሉ ላይ ግን ሁልጊዜ የምዘለው አንድ ከሰዓት በኋላ አለ። ይሄ ጽሑፍ ስለ እሱ ነው።

አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ውጤቴ የትም የሚያስገባ አልሆነም። አዳማ እናቴ ቤት ተጎልቼ ስልክ ስነካካ ከረምኩ። አንዲት ጎረቤታችን "ናይሮቢ ምግብ ቤት ያላት ዘመድ አለችኝ፣ ሠራተኛ ትፈልጋለች" ስትል ገና ሳትጨርስ ሻንጣዬን አወረድኩ። አንድ ቦታ መቀመጥ አልችልም። እናቴ "ይቺን ልጅ መርፌ ላይ ነው እንዴ የወለድኳት?" ትላለች።

የምግብ ቤቱ ባለቤት የደሴ ሰው ናቸው። እትዬ ነው የምላቸው። ድምፃቸው ከወጥ ቤት ተነሥቶ መንገድ ላይ የቆመ ቦዳ ነጂ፣ የሞተር ታክሲ ነጂ፣ ያስደነግጣል። ባልም ልጅም የላቸውም። ያሏቸው አንዲት ታላቅ እህት ናቸው፣ ደሴ። እናታቸው የሞቱት እትዬ ገና ልጅ ሳሉ ስለሆነ እናት የሆኑላቸው እኚሁ እህት ናቸው።

እትዬ ስልክ አይወዱም። ትንሽ ፊደል አይታያቸውም፤ መነጽራቸውን ደግሞ ሁልጊዜ ከሽንኩርቱ መሃል ነው የምናገኘው። ስለዚህ በመጣሁ በሳምንቴ የስልካቸው ኃላፊ ሆንኩ። በየቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ የምሳው ሰው ሲወጣ፣ ጥጉ ላይ ያለችው ጠረጴዛ ጋ እንቀመጥና ከደሴ የተላከውን የድምፅ መልእክት አሰማቸዋለሁ። እህታቸው ሁልጊዜ የሚጀምሩት "ሰማሽኝ ወይ? ይሄ ነገር ይሠራል ወይ?" ብለው ነው። እትዬም የተቀዳ ድምፅ መሆኑን እያወቁ "ሰማሁሽ! ሰማሁሽ!" ብለው ስልኩ ላይ ይጮኹበታል። ከዚያ ቁልፉን ተጭኜ መልሳቸውን እቀዳለሁ። ስለ ሽንኩርት ዋጋ፣ ስለ ጉልበታቸው ሕመም፣ አንዳንዴም ስለ እኔ። "ይቺ እብድ ልጅ ዛሬም ብርጭቆ ሰበረች" ብለው ለእህታቸው ይከሱኛል፤ ክሱን የምልከው እኔው ነኝ።

ገጹን የጀመርኩት በዚያችው ጠረጴዛ ላይ ነው። እትዬ ወጥ ሲያማስሉ ቀረጽኳቸው። "ሂጂ ከዚህ! እንፋሎቱ ያንን ስልክሽን ይግደለውና እንገላገል!" ሲሉኝ ከነስድባቸው ለቀቅኩት። ሰው በሳቅ ሞተ። ቀስ በቀስ ከሥሩ ጥያቄ መምጣት ጀመረ። ክፍል የሚያከራይ አለ? ሞግዚት የሚፈልግ ታውቂያለሽ? የመኖሪያ ወረቀት የሚያድሰው ቢሮ ዛሬ ክፍት ነው? የማውቀውን መለስኩ፣ የማላውቀውን ጠይቄ መለስኩ። በዓመቱ የናይሮቢ ሐበሻ ከእንቅልፉ ሲነሣ መጀመሪያ የሚያየው የእኔን ገጽ ሆነ። ፀጉር ቤቱም፣ ቲኬት ቆራጩም "አስተዋውቂልኝ" እያሉ መጡ። አስተናጋጅነቱን ስተው እትዬ "ሂጂ፣ እኔም ብርጭቆዬ ይተርፍልኛል" አሉኝ። ከዚያ ደግሞ ከኋላዬ ጮኹ፤ "ጠረጴዛዋ ግን ያንቺው ናት!"

ከእኔ በፊት ይህን ሥራ የሚሠሩት ጋሼ ነበሩ። ጋሼ ኤርትራዊ ናቸው፤ አዲስ አበባ ተምረው፣ በደርግ ዘመን አንድ የትራንስፖርት መሥሪያ ቤት ውስጥ ጸሐፊ የነበሩ፣ አማርኛቸው ከኛ አማርኛ የጠራ ሽማግሌ። ፓርክላንድስ ውስጥ የሁላችን ስልክ የተጻፈበት አረንጓዴ ልባስ ያለው ደብተር አላቸው። ሰው ሲታመም፣ ሲወልድ፣ ሲዳር፣ ደብተሩን ይገልጡና አንድ በአንድ ይደውላሉ።

"ያንቺ ማሽን ሰው አያውቅም፣ ቁጥር ብቻ ነው የሚያውቀው" ይሉኛል።

"ጋሼ፣ የርስዎ ደብተር ውስጥ ያለው ሰው ግማሹ ካናዳ ገብቷል!"

"ገብቷል። ግን አንዳንዱ ዛሬም ይደውልልኛል። ያንቺዎቹ ይደውሉልሻል?"

እንዲህ እየተባባልን ሥራው ሁሉ ቀስ በቀስ ከደብተሩ ወደ ገጹ ተዛወረ። አንድ ነገር ብቻ ቀረ። መርዶ። መርዶ የጋሼ ነው። ከአገር ቤት ሰው ሞተ ተብሎ ሲደወል ለባለቤቱ አይደወልም፤ ለጋሼ ነው። ጋሼ ቅርብ የሆኑትን ይሰበስባሉ፣ በማግሥቱ ጎህ ሲቀድ በሩ ላይ ይቆማሉ። የዚያን ጊዜ ጋሼ ኮታቸውን ይለብሳሉ። ባለቤቱ በሩን ከፍቶ ያን ሁሉ ሰው ሲያይ፣ ጋሼ አንድ ቃል ሳይናገሩ ይገባዋል፤ ሲወድቅም የሚይዘው ሰው አለ።

እሱን ቀን ልንገራችሁ። ማክሰኞ ነበር። ዓርብ ጊጊሪ የሚባል ሰፈር ቀጠሮ ነበረኝ። አንድ የውጭ ድርጅት በቴክኖሎጂ ሥራ የጀመሩ ሴቶችን ለድጋፍ ይመርጣል፤ እኔም ገጹን ወደ አፕ ልቀይረው ነበር። ክፍል ፈላጊውና አከራዩ፣ ሥራ ፈላጊውና ቀጣሪው እዚያው የሚገናኙበት። ወረቀቴን ካዩት አንዷ ስልክ ደውላ ያለችኝ ከጆሮዬ አልወጣ ብሏል። "ሥራሽ ጥሩ ነው፣ ግን ባለፉት ወራት ተከታይሽ አልጨመረም። ግራፍሽ ላይ መስመሩ ጠፍጣፋ ነው።" ጠፍጣፋ! ሦስት ቀን ሙሉ ያን ጠፍጣፋ መስመር ሳይ ነበር።

ስምንት ሰዓት ላይ ጋሼ ደወሉ። ድምፃቸው ዝቅ ብሏል።

"ብቻሽን ነሽ?"

"ብቻዬን ነኝ ጋሼ።"

"የእትዬ እህት አርፈዋል። ዛሬ ጠዋት። ድንገት ነው ይላሉ።"

ምን እንዳልኩ አላስታውስም። እሳቸው ቀጠሉ፤ "ነገ ጎህ ሲቀድ፣ በአሥራ አንድ ሰዓት፣ በሯ ላይ እንገናኛለን። እኔ ሰው እጠራለሁ። አንቺ አሁኑኑ ወደሷ ሂጂና ስልኳን ያዢ። ከደሴ አንዱ ደፋር ደውሎ እንዳያፈርጠው። አደራ። ዛሬ በልታ ትደር።"

በልታ ትደር። መርዶ የሚዘገየው ለዚህ ነው። አንዲት ሌሊት ነው የሚሰጧት፣ እህቷ በሕይወት ያለችባት አንዲት ሌሊት።

ሚኒባስ ታክሲ፣ ማታቱ፣ ይዤ ኪሊማኒ ሄድኩ። እትዬ ምስር እየለቀሙ ነበር። "ስልክዎ አፕዴት ይፈልጋል፣ ካልሆነ ይቆማል" አልኳቸው። ምን እንደሆነ ሳይጠይቁ ከመቀነታቸው አውጥተው ሰጡኝ። አጥፍቼ ቦርሳዬ ውስጥ ጨመርኩት። ዘጠኝ ሰዓት ሆነ፣ የተለመደው ሰዓታችን፣ እጃቸውን በሽርጣቸው እየጠራረጉ መጥተው ከፊቴ ተቀመጡ።

"ዛሬ እህቴ አልላከችም?"

"አፕዴቱ አላለቀም፣ እትዬ።"

"ይሄ ነገርሽ አያልቅም! አንቺና ስልክ!" አሉና ሳቁ። እኔም ሳቅሁ። እስከዚህ ድረስ ያጠፋሁት የለም። እንዲህ ያለው ውሸት የተፈቀደ ነው፤ ሁላችንም ለአንድ ሰው አንድ ቀን ዋሽተናል።

አሥር ሰዓት ተኩል ላይ የራሴ ስልክ ጮኸ። ኢስሊ ሰፈር ጨርቅ የሚነግድ አንድ ሐበሻ አለ፤ እሱም እንደኔ ገጽ ነበረው፣ ትልቅ። እሱ ዜና ከቀደመኝ ቀኑን ሙሉ ምግብ አይወርድልኝም። የላከው አንድ መስመር ነው፤ "የእትዬ እህት አረፉ የሚባለው እውነት ነው?"

እዚህ ላይ ቀስ ብዬ ልጻፍ፤ ለራሴም ስነግረው ቶሎ ቶሎ ብዬ ነውና የማልፈው። አልተደናገርኩም። በሐዘን ራሴን አልሳትኩም። ቁጭ ብዬ ያሰብኩት ይሄን ነው፤ ሰውዬው ሰምቷል። ከሰማ ይለጥፋል። እትዬን ደግሞ ሰው ሁሉ ያወቃቸው በእኔ ገጽ ነው፣ በእኔ ቪዲዮ ነው፤ የእሳቸውን ሐዘን እሱ ሊያወጣው? ስልካቸው ቦርሳዬ ውስጥ ነው። ያለ እኔ ስልክ አይነኩም። እሳቸው እስካላዩት ድረስ ሌላው ቢያውቅ ምን አለበት? እንዲያውም ለነገ ጠዋት ብዙ ሰው ይመጣላቸዋል። እንዲህ እያልኩ ለእሳቸው የማደርገው አስመሰልኩት። ከሥሩ ግን የነበረው ዓርብ ነው። ያ መስመር ነው።

ፎቶ አስፈለገኝ። መጸዳጃ ቤት ገብቼ የእትዬን ስልክ ከፈትኩ። አደራ የተሰጠኝን ስልክ። ደሴ ሰርግ ላይ የተነሡት አንድ ፎቶ አለ፤ እህታቸው የእትዬን ነጠላ ሲያስተካክሉላቸው፣ እትዬ እንደ ትንሽ ልጅ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው። እሱን ወደ ራሴ ላክሁና ስልኩን መልሼ አጠፋሁት። የሻማ ምስል ጨመርኩበት። ሻማው አጠገብ የገጼን ምልክት አስቀመጥኩ፣ ሌላ ሰው ፎቶውን ቢወስደው የእኔ መሆኑ እንዲታወቅ።

አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ለጠፍኩት። ያቺን ሰዓት እወዳታለሁ፤ ሰው ከሥራ ወጥቶ ማታቱ ውስጥ ስልኩን የሚያይባት ናት።

ጠረጴዛዬ ላይ ተመልሼ ተቀመጥኩ። ቦርሳዬን ጭኔ ላይ አድርጌ እጄን ጫንኩበት። ያን አንድ ስልክ አጥብቄ ይዤ ሳለሁ ቤቱን ቀና ብዬ አላየሁትም። ቤቱ ሞልቶ ነበር። የሞሉት ደግሞ የእኔው ሰዎች ናቸው። ግድግዳው ላይ "ገጻችንን ለሚከተል ሻይ በነጻ" የሚለውን ወረቀት የለጠፍኩት እኔ ነኝ።

መጀመሪያ በሩ ጋ ካለው ጠረጴዛ ቲንግ አለ። ከዚያ ከመስኮቱ ጋ። ከዚያ ከጀርባዬ። ወሬው እየቀነሰ፣ እየቀነሰ፣ ወጥ ቤት ያለው የሬዲዮ ስዋሂሊ ብቻ ቀረ። እኔ ስልኬን እያየሁ ነበር። ቁጥሩ ሲወጣ ዓይኔን መንቀል አቃተኝ።

እትዬ በሁለት እጃቸው ትልቅ ትሪ ይዘው ከወጥ ቤት ወጡ። አንዲት ጊጊሪ ጽዳት የምትሠራ ደንበኛቸው፣ ደህና ሴት ናት፣ ክፋት የለባትም፣ ከወንበሯ ተነሥታ ወደሳቸው ሄደች፤ እያለቀሰች።

"እትዬ… እግዚአብሔር ያጽናዎት።"

እትዬ ሳቁ። እውነት ሳቁ። "ምን ሆኜ ነው የምጽናናው? ነይ ተቀመጪ፣ ወጡ ይቀዘቅዛል።"

ማንም አልሳቀም። እትዬ ዞር ብለው ቤቱን አዩ። ሁሉም እጁ ላይ ስልክ አለ፣ ሁሉም አንገቱን ደፍቷል። ከዚያ እኔን አዩኝ።

"ስልኬ የታል?"

ከቦርሳዬ አውጥቼ ሰጠኋቸው። ምን ላድርግ? መክፈቻውን አጡት፤ ስለዚህ የከፈትኩላቸው እኔ ነኝ። ሲበራ ከላይ መጀመሪያ የመጣው የእኔ ገጽ መልእክት ነው። ያ ፎቶ። ያ ሻማ። መነጽር አላስፈለጋቸውም። ትሪው መቼ እንደወደቀ አላውቅም። ወጥ ቤት የምትሠራው ኬንያዊት ሮጣ መጥታ ከወለሉ ላይ አቅፋ "ፖሌ፣ ማማ፣ ፖሌ" እያለች ስታጽናናቸው፣ እትዬ ደግሞ ስልኩን ጆሯቸው ላይ ለጥፈው "ሰማሁሽ! ሰማሁሽ!" ይሉ ነበር።

ጋሼ አንዱ ደውሎላቸው በቦዳ ደረሱ። በዚያ ዕድሜያቸው፣ ያለ ኮት፣ በሸሚዝ፣ ደብተሩን ብብታቸው ሥር ይዘው። በሩ ላይ ቆመው ወለሉን አዩ፣ እትዬን አዩ፣ ከዚያ ቀስ ብለው "ማነው?" አሉ።

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። አፌን ስከፍት ምን እንደምል አላውቅም ነበር፤ የወጣው ግን ተዘጋጅቶ የቆየ ይመስል ሳይደናቀፍ ወጣ።

"ሰዓቱ ተምታታብኝ፣ ጋሼ። ለነገ ጠዋት አሥራ አንድ ሰዓት እንዲለጠፍ ብዬ ነበር ያዘዝኩት። ስልኩ የዛሬ ማታውን አሥራ አንድ ያዘው።"

አመኑኝ። ማን አያምንም? የኛ ሰዓት ከስልኩ ሰዓት ጋር ተጋጭቶበት አውሮፕላን ያላመለጠው ሐበሻ የለም። ጋሼ ራሳቸው አንድ ጊዜ የወረቀት ቀጠሮ ስድስት ሰዓት ሙሉ ዘግይተው ሄደው፣ ያንን ታሪክ በየሰርጉ ሲያወሩት ያስቁናል። ዓይናቸውን ጨፍነው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ "አይ ሰዓት! አይ የኛ ነገር!" አሉ። አንዲት ሴት እንዲያውም ጀርባዬን መታ መታ እያደረገች "አይዞሽ፣ አንቺ ምን ታደርጊ" አለችኝ።

ልጥፉን ላጠፋው ያን ዕለት ጣቴን አሳርፌበት ነበር። ከዚያ ቁጥሩን አየሁ። እንግዲህ አውቀዋል፣ አሁን ባጠፋው ምን ይጠቅማል አልኩ። ተውኩት።

ዓርብ ሠልስቱ ነበር። እትዬ ቤት ድንኳን ተጥሎ ሰው ሲጎርፍ እኔ ጊጊሪ ነበርኩ፤ ከአንዲት ጓደኛዬ የተዋስኩትን ጫማ አድርጌ፣ መስታወት በመስታወት የሆነ ክፍል ውስጥ። መስመሩን ግድግዳው ላይ አሳየኋቸው። ጠፍጣፋ፣ ጠፍጣፋ፣ ጠፍጣፋ፣ ከዚያ ማክሰኞ ላይ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ።

ከጠያቂዎቹ አንዷ፣ ፀጉሯን ጥብቅ አድርጋ የተሠራች ኬንያዊት፣ በእስክሪብቶዋ ወደዚያች ቦታ ጠቁማ "እዚህ ጋ ምን ተፈጠረ?" አለች።

"ከመሃላችን አንዷ ሐዘን ደረሰባት። ማኅበረሰባችን በገጹ ተሰባሰበ" አልኳት።

እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ "ፖሌ ሳና" አለችኝ። ለእኔ! ለእኔ አዘነች። በሳምንቱ መመረጤን ነገሩኝ።

ለቅሶ ቤት የሄድኩት ቅዳሜ ነው። በር ላይ የኢስሊውን ነጋዴ አገኘሁት፤ አንድ ኩንታል ሩዝ አስጭኖ መጥቶ እያስወረደ። ሰላም ካለኝ በኋላ ራቅ አድርጎ ወሰደኝ።

"አንቺ ልጅ፣ እኔ የጠየቅሁሽ እኮ መርዶው መቼ እንደሆነ እንድትነግሪኝና እንድመጣ ነው። መልስ ስጠብቅ ጭራሽ ለጠፍሽው።"

"ሰዓቱ…" ብዬ ጀመርኩ።

"ሰምቻለሁ" አለ፤ ወደ ሩዙ ተመለሰ። የእሱ ገጽ ላይ እስከዛሬ ድረስ ያ ፎቶ አልወጣም።

እትዬ ፍራሽ ላይ ተቀምጠው ነበር። ስሜያቸው፣ አልቅሼ፣ ግማሽ ሰዓት ሳልቀመጥ ወጣሁ። ከዚያ በኋላ ሥራ በዛብኝ። ሥራ እንዲበዛብኝ አደረግሁ። አፑ ተሠራ፣ ቢሮ ተከራየሁ፣ ሴቶቹን ቀጠርኩ። ኪሊማኒ ካለፍኩም በታክሲ ነው፣ በሌላኛው መንገድ።

አንድ ነገር ግን መታዘብ ጀመርኩ። ዜናው የሚደርሰኝ ካለቀ በኋላ ሆነ። የአንዱ አባት አርፈው፣ መርዶው ተነግሮ፣ ሠልስቱ ካለፈ በኋላ "ለጥፊልን" ይሉኛል። ጋሼ አይደውሉም። ደብተሩ ተመልሶ ሥራ ጀምሯል ሲሉ ሰማሁ። ያን ሁሉ ሺህ ሰው ይዤ የናይሮቢን ሐበሻ ሐዘን መጨረሻ የምሰማ እኔ ሆንኩ። መጀመሪያ አኮረፍኩ። ከዚያ አንድ ጠዋት ቢሮ ቁጭ ብዬ እናቴ ትዝ አለችኝ። አዳማ ብቻዋን ናት፣ ስኳር አለባት። የእኔ ቀን ሲመጣ ለማን ይደወላል? በሬ ላይ የሚቆመው ማነው? ወይስ እኔም ማታቱ ውስጥ ቁጭ ብዬ ቲንግ ሲል ላየው ነው?

ጊጊሪዎቹ "የጀመርሽበትን ቦታ የሚያሳይ አጭር ቪዲዮ ቀርጸሽ ላኪ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ያመነችብሽን ሴት አናግሪ" ሲሉኝ ሌላ ሰው ልፈልግ አሰብኩ። ሌላ ሰው የለም። ስለዚህ ሄድኩ፤ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ የምሳው ሰው ሲወጣ።

እትዬ ጥቁራቸውን ገና አላወለቁም። ከስተዋል። ጠረጴዛዋ እዚያው ናት፤ ግድግዳው ላይ የለጠፍኳት ወረቀት ግን ተነሥታ ምልክቷ ብቻ ቀርቷል። የመጣሁበትን ስነግራቸው "ቅረጪ፣ መቼ አስፈቅደሽ ታውቂያለሽ" አሉ። ስልኬን ቀና አደረግሁ።

"ይቺ ልጅ ስትመጣ ትሪ መያዝ አታውቅም ነበር" ብለው ጀመሩ። "ግን ጎበዝ ናት፣ እንቅልፍ የላትም። ሥራ የሌለውን ሥራ አስያዘች፣ ቤት የሌለውን ቤት አስገኘች።" ካሜራውን ቀጥ ብለው አዩት። "አንድ ቀን ሰዓት ተምታታባት። ሰው ነው፣ ይሳሳታል። በመካከላችን ቅያሜ የለም። ልጄ ናት።"

ያን ማንም አልጠየቃቸውም። እኔን ሰው ፊት ለማጥራት ብለው ነው የጨመሩት። መቅረጹን አቆምኩት።

"እትዬ፣ አልተምታታብኝም።"

ስልኬን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት።

"አውቄ ነው። የዚያኑ ዕለት ማታ መሆኑን አውቄ ነው የለጠፍኩት። ፎቶውንም ከስልክዎ ላይ ነው የወሰድኩት። የኢስሊው ነጋዴ እንዳይቀድመኝ ብዬ። ለጊጊሪ ብዬ።"

ጠረጴዛው ላይ ያልነበረ ፍርፋሪ በጣታቸው ጠረጉ።

"አውቃለሁ" አሉ።

"እንዴት?"

"ትሪውን ይዤ ስዞር አየሁሻ። ሰው ሁሉ እኔን ሲያይ አንቺ ስልክሽን ነበር የምታዪው። ሰዓት የተምታታበት ሰው ይደነግጣል። አንቺ አልደነገጥሽም።"

"ታዲያ ለምን ዝም አሉ?"

"ምን ልበል? ለቅሶ ላይ ነበርኩ። ከዚያ ደግሞ አንቺ ጠፋሽ።" ድምፃቸው መንገድ ድረስ የሚሰማው ድምፅ አልነበረም። "ያቺን ሌሊት ነው የወሰድሽብኝ። እህቴ መሞቷን አንቺ አላመጣሽውም። ያቺን አንዲት ሌሊት ግን ጋሼ ሰጥተውኝ ነበር።"

ማልቀስ ጀመርኩ። አላባበሉኝም።

"ወሬ አይነግሩሽም፣ አይደል አሁን?"

ራሴን ነቀነቅሁ።

"እኔ ነኝ አትንገሯት ያልኩት። ለጋሼም ነገርኳቸው። ይቺ ልጅ መርዶ አይሰጣትም አልኩ። ትክክል ነኝ፣ አልተሳሳትኩም።"

"አልተሳሳቱም" አልኩ። ከዚያ ልጠይቅ ያላሰብኩት ከአፌ ወጣ። "የእናቴ ቀን ሲመጣስ፣ እትዬ? ለእኔ ማን ይነግረኛል?"

ለመጀመሪያ ጊዜ ፊታቸውን አዙረው ደህና አድርገው አዩኝ። ቁጣው አልለቀቃቸውም ነበር።

"ማን አለሽና? እኔ ነኛ። ለጋሼ ተደውሎ እሳቸው ለእኔ ይነግሩኛል። መጀመሪያ ያንን ስልክሽን እቀማሻለሁ። ከዚያ እራት አበላሻለሁ። በልተሽ ታድሪያለሽ።" ተነሥተው ሽርጣቸውን አጠበቁ። "አሁን ተነሺና ያን ጠረጴዛ ጥረጊልኝ፣ ዛሬ ለቪዲዮ ብቻ የመጣሽ አይመስለኝም።"

ጠረግሁ። ትሪም አነሣሁ። ቪዲዮውን አልላክሁትም፤ ለጊጊሪዎቹ ያ መስመር ማክሰኞ ዕለት ለምን እንደወጣ እንደነበረ ጽፌ ላክሁላቸው። አነበቡት፣ "ስለ ግልጽነትሽ እናመሰግናለን" ብለው መለሱ፣ ስላይዱን አወጡት፣ እኔን ግን አላወጡኝም። ቢያወጡኝ ይቀለኝ ነበር። ያን ፎቶ ከገጼ ላይ ያጠፋሁት የዚያኑ ቀን ነው፣ ከስንት ወር በኋላ።

አሁን በየሳምንቱ እትዬ ጋ እሄዳለሁ። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ጠረጴዛዋ ጋ እንቀመጣለን፤ የሚመጣ ድምፅ ግን የለም። አንዳንዴ የአንድ ሰው ፎቶ ማየት ይፈልጉና ከወጥ ቤት ሆነው እጃቸውን ይዘረጋሉ።

"ስልክሽን እስቲ አምጪው።"

የእናቴ ቀን የመጣ ይመስለኛል። ፊታቸውን አያለሁ፣ ምድጃው ላይ እራት መጣዱን አያለሁ፣ ከዚያ እሰጣቸዋለሁ።